አይል፣ ፕሊንሥ፣ ሶርገም፦ እንግዳ የእንግሊዝኛ ቃላትን ወሎ ሆኖ ማንበብ

ላሊበላ፣ ቤተ ገብርኤል ወሩፋኤል በር ላይ ቆሞ ለውጭ እንግዳ የሚያስረዳ አስጎብኚ ሁለት ቃላት አይቀሩለትም፤ ሊቀ ጳጳስ እና ሊቀ መላእክት። በእንግሊዝኛ ሁለቱም በኤ-አር-ሲ-ኤች ይጀምራሉ። አንደኛው ግን «አርች-ˈቢ-ሸፕ»፣ ሌላው «ˈአርክ-ኤይን-ጀል» ነው። ብዙ ሰው አንዱን በሌላው ለክቶ «አርች ኤንጅል» ይላል። እንግዳውም ነገሩን ከሥዕሉ ይገምታል እንጂ ቃሉን አልሰማም። ደንቡ አያስቸግርም፦ ከሲ-ኤች ቀጥሎ አናባቢ ከመጣ ድምፁ «ክ» ነው፣ «አርክቴክት» ስንል እንደምናደርገው። ተነባቢ ከመጣ «ች» ነው። ከደንቡ የሚያፈነግጠው ዋና ጠላት ለማለት የሚነገረው «አርች-ˈኤ-ነ-ሚ» ነው። አናባቢ ቢከተለውም «ች» ይላል፤ ቃሉ ሙሉውን ከግሪክ የመጣ ሳይሆን እንግሊዝኛ ራሱ ቅጥያውን በሌላ ቃል ላይ የለጠፈበት ስለሆነ ነው።

በየቃሉ መሃል የገባችው ትንሽ ቀጥ ያለች ጭረት ጌጥ አይደለችም። ብዙ መዝገበ ቃላት ይጠቀሙባታል፤ ከእሷ ቀጥሎ ያለው ክፍለ ቃል ከሌሎቹ ረገጥ ተደርጎ ይነበብ ማለቷ ነው። ተማሪ ሁሉ ዘሏት ያልፋል። ወሎ ውስጥ ንባብ ቤት የገባ ሰው ግን ነገሩ እንግዳ ሊሆንበት አይገባም። ግእዝ ሲያነብ ተነሽ፣ ወዳቂ፣ ሰያፍ፣ ተጣይ የሚባሉትን የንባብ ዓይነቶች እየለየ ነው የኔታ ፊት የተቀመጠው፤ ተነሹን ወዳቂ አድርጎ ካነበበ ይታረማል፣ እንደገና ይላል። ያ ጆሮ እንግሊዝኛ ላይ ሲደርስ ለምን እንደሚዘጋ አይገባኝም። ምናልባት እንግሊዝኛውን ያስተማረው ሰው ስለዚህ ጉዳይ አንድም ቀን ስላላነሳለት ይሆናል።

የሚረገጠው ቦታ ሲሳሳት ቃሉ ሌላ ይሆናል፣ አለዚያም ይጠፋል። ኮምቦልቻ ደረቅ ወደብ ላይ ከሰነድ የማይጠፋው «ኢምፖርት» ስም ሲሆን «ˈኢም-ፖርት»፣ ግስ ሲሆን «ኢም-ˈፖርት» ነው። መዝገብ ለማለት «ˈሬ-ከርድ»፣ መዘገበ ለማለት «ሪ-ˈኮርድ»። እዚህ ላይ የተለወጠው ረገጣው ብቻ አይደለም፤ አናባቢውም አብሮ ተለውጧል። በአይ-ሲ የሚያልቁ ቃላት ደግሞ ከመጨረሻው በፊት ያለውን ክፍለ ቃል ይረግጣሉ፦ «ሂስ-ˈቶ-ሪክ»፣ «ሞ-ነ-ˈሊ-ሢክ»። (ስለ «ሢ» ወደ ታች እመለሳለሁ።) «ˈአ-ረ-ቢክ» እና «ˈካሥ-ሊክ» ለዚህ ደንብ የማይገዙ ናቸው፤ ዐረብኛና ካቶሊክ ለማለት። ሁለቱም ወሎ ውስጥ ሥራ ያላቸው ቃላት ስለሆኑ ለብቻቸው ቢያዙ ይሻላል።

ላሊበላን ካነሳን እዚያ ያለውን የቃል ክምችት ትንሽ ዘርዘር ላድርገው፤ የትርጉም ስሕተትም የአነባበብ ስሕተትም በብዛት የሚገናኙት እዚያ ነው። «ሞነሊሢክ» ማለት ከአንድ ድንጋይ የወጣ ማለት ነው። ቤተ ጊዮርጊስ፣ ቤተ መድኃኔ ዓለም፣ ቤተ ማርያም፣ ቤተ አማኑኤል ዙሪያቸው ከአለቱ ተለቆ፣ መሠረታቸው ብቻ ከእናት ድንጋዩ ጋር ስለቀረ ቃሉ በትክክል ይገባቸዋል። ቤተ አባ ሊባኖስ ግን ጣሪያው ከላይ ካለው አለት ጋር እንደተያያዘ ነው፤ እሱን በዚህ ስም መጥራት ልቅነት ነው። ለሁሉም የሚሆነው ሰፊው ቃል ከአለት የተፈለፈለ የሚለው «ሮክ ህዩን» ነው። ይምርሐነ ክርስቶስ ደግሞ ዋሻ ውስጥ ስላለ ብቻ «ህዩን» ሲባል ይሰማል፤ ዋሻ ውስጥ የተገነባ እንጂ የተፈለፈለ አይደለም። ኤች-ኢ-ደብሊው-ኤን ተብሎ የሚጻፈው ይህ ቃል አንድ ክፍለ ቃል ብቻ ነው፤ «ህ» እና «ዩ» ተጣብቀው በአንድ ትንፋሽ ይወጣሉ። «ሄውን» ያለ ሰው ለእንግዳው ጆሮ ሰማይ ወይም ገነት ያለ ሊመስል ይችላል። ቤተ ክርስቲያን ፊት ቆሞ ደግሞ ስሕተቱ ትርጉም ስለሚሰጥ ማንም አያርመውም።

የሕንፃው መካከለኛ ሰፊ ክፍል «ኔይቭ» ነው፤ ከፊቱ ኬ የተጨመረበት፣ አጭበርባሪ ማለት የሆነው አሮጌ ቃልም በድምፅ አንድ ነውና በጽሑፍ ሲሆን ጥንቃቄ ይፈልጋል። ከኔይቩ ግራና ቀኝ በአዕማድ የተለየው መተላለፊያ «አይል» ይባላል። አጻጻፉ ኤ-አይ-ኤስ-ኤል-ኢ ነው፤ ኤሱ አይነበብም። ለነገሩ ቦታው ላይ መኖርም አልነበረበትም። ቃሉ ከድሮ ፈረንሳይኛ የመጣ፣ ክንፍ ማለት የሆነ ነው፤ ጸሐፊዎች ደሴት ከሚለው ተመሳሳይ ድምፅ ካለው ቃል ጋር አደባልቀው ኤስ ጨመሩበት። ሕንፃው የቆመበት እርከን «ፕሊንሥ» ነው። በግድግዳ ላይ እንደ መቀነት የሚዞረው ጌጥ «ፍሪዝ» ይባላል፣ በረዶ ሆነ ከሚለው ቃል ጋር በድምፅ አይለይም። መቃብር «ቱም» ነው፤ መጨረሻው ላይ የተጻፈው ቢ ዝም ይላል። ቅዱስ ለማለት «ˈሴይክ-ሪድ»፣ ወጣ ገባ ለበዛበት ተራራ «ˈረ-ጊድ»። እነዚህ ሁለቱ በኢ-ዲ ስላለቁ ብዙ ሰው ያለፈ ጊዜ ግስ አድርጎ ያነባቸዋል። ቅጽል ናቸው፤ ኢ-ዲው ራሱን የቻለ ክፍለ ቃል ነው።

አሁን ወደ «ሢ»። ለቲ-ኤች ድምፅ ወሎ ከብዙ አገር የተሻለ ዕድል አለው። ቁርኣን የቀራ ሰው ፊደሎቹን የተማረው ከነመውጫ ቦታቸው ነው። በአማርኛ «ሐዲስ» ስንል መጨረሻው ተራ «ስ» ነው፤ ኡስታዙ ፊት በዐረብኛ ሲባል ግን የምላስ ጫፍ በላይና በታች ጥርስ መሃል ብቅ ትላለች፣ አየሩ ሳይቆም ያልፋል። ማሰብ ለማለት የሚነገረው «ሢንክ» የሚጀምረው በዚያው ድምፅ ነው። «አዛን» ውስጥ ያለው ዛል የሚባለው የዐረብኛ ፊደልም እንዲሁ፤ በአማርኛ «ዝ» እናደርገዋለን፣ በዐረብኛው ምላስ ጥርስ መሃል ናት። እንግሊዝኛ ስም ሲጠራ ከፊቱ የሚያስቀምጠው ትንሹ ቲ-ኤች-ኢ የሚጀምረው በዚህ ነው። ሁለቱን የሚለያቸው ጉሮሮ ነው፤ ጣት ጉሮሮ ላይ ሲደረግ የአዛኑ ይነዝራል፣ የሐዲሱ አይነዝርም። ቁርኣን ያልቀራ ጎረቤቱን ይጠይቅ፤ ወሎ ውስጥ ለዚህ ሩቅ መሄድ አያስፈልግም።

የሚበላሸው በሦስት መንገድ ነው። ምላስ ከጥርስ ጀርባ ከቀረች «ስ» ወይም «ዝ» ይሆናል። ጥርሱን ነክታ አየሩን ከዘጋች «ት» ወይም «ድ» ይሆናል። ከመጠን በላይ ወጥታ ከተነከሰች ደግሞ ቀጣዩን አናባቢ ለመያዝ አትደርስም፣ ንግግሩ ይንተባተባል። ጫፏ ብቻ ይበቃል። ልብስ የሚለውን «ክሎውዝ» ላይ ግን መጨነቅ አያስፈልግም፤ ባለቤቶቹም በፍጥነት ሲናገሩ ቲ-ኤቹን ውጠውት ዝጋ ከሚለው ቃል ጋር አንድ ያደርጉታል።

በማስታወሻ ደብተር ላይ አነባበብን በፊደል መጻፍ ነውር ነው የሚሉ አስተማሪዎች አሉ። አልስማማም። የወሎ መንዙማ ጸሐፊዎች አማርኛን በዐረብኛ ፊደል፣ በአጀሚ፣ ሲያሰፍሩ ኖረዋል። ሸ፣ ቸ፣ ኘ፣ ዠ፣ ጀ፣ ጨ የተገኙትም በግእዙ ሰ፣ ተ፣ ነ፣ ዘ፣ ደ፣ ጠ ላይ ምልክት ተጨምሮ ነው። የሌለን ድምፅ ባለው ፊደል መያዝ የቆየ ሥራ ነው። ችግሩ በፊደል መጻፉ ሳይሆን ሳይስማሙ መጻፉ ነው። እዚህ የተጠቀምኩበት ስምምነት፦ ንጉሡ ሠ በዛሬ አማርኛ ከእሳቱ ሰ በድምፅ ስለማይለይ ሥራ ፈት ነው፤ ለሐዲሱ ድምፅ እሱን መድቤዋለሁ። ለአዛኑ ደግሞ ዘ ላይ አንዲት ነጥብ። ክፍለ ቃል በሰረዝ ይለያል፣ ጭረቷ ከሚረገጠው በፊት ትገባለች።

ፊደላችን አንድ ትልቅ ጉልበት አለው። በእንግሊዝኛ ከአናባቢዎች ሁሉ የሚደጋገመው፣ በመዝገበ ቃላት ላይ የተገለበጠች ኢ የምትመስለው ድምፅ ነው። ስሙ «ሽዋ» ይባላል፤ ከሸዋ ጋር ዝምድና የለውም፣ ከዕብራይስጥ የመጣ ነው። ያልተረገጠ ክፍለ ቃል፣ በኤ ተጻፈ በኦ ወይም በዩ፣ አብዛኛውን ጊዜ ወደዚህ ድምፅ ይወድቃል። የእኛ የግእዝ ረድፍ፣ ለ መ ነ ከ ያለው፣ ለእሱ በጣም ቅርብ ነው። ስለዚህ «ሞ-ኖ» ሳይሆን «ሞ-ነ»፣ «ሶር-ጉም» ሳይሆን «ሶር-ገም»። አ እና ሀ ላይ ብቻ ይጠንቀቁ፤ እነሱ በግእዝ ረድፍ ተቀምጠው ራብዕ ስለሚነበቡ «ኧ» እና «ኸ» መጻፍ ግድ ነው። «ኧ»ን ረዘም ማድረግ ደግሞ ሌላ ችግር ይፈታል። ሥራ የሚለውን ቃል ሰው «ዎርክ»፣ መራመድ የሚለውን «ዎልክ» ይላል። ሥራው «ወርክ» ነው፣ ግእዙ «ወ» ረዘም ብሎ። መራመዱ «ዎክ» ነው፣ ኤሉ አይነበብም።

ድካሙ ያለው ሳድስ ላይ ነው። «ስ» ብለን የጻፍነው አንዳንዴ ባዶ ተነባቢ ነው፣ አንዳንዴ ጭል የሚል አናባቢ አለው፤ ፊደሉ አይነግረንም። እንግሊዝኛ ተነባቢ ሲደራርብ አፋችን መሃል ላይ ያንን አናባቢ ይሰገስጋል፣ ወይም ከፊት «እ» ያስቀድማል፤ «እስትራክቸር»፣ «እስኩል»። መፈተኛው ቀላል ነው። የእጅ ጀርባ አገጭ ሥር ይደረግና ቃሉ ይባላል። «ፕሊንሥ» ሲባል አገጭ አንዴ ብቻ መውረድ አለበት። ሁለቴ ከወረደ የሆነ ቦታ «እ» ገብቷል፤ ፕ እና ል መሃል ወይም ን እና ሥ መሃል ነው። ከኋላ መጀመር ይረዳል፦ «ኢንሥ»፣ «ሊንሥ»፣ «ፕሊንሥ»። ያለፈ ጊዜ ኢ-ዲም ተመሳሳይ ነው። ያደገ፣ የለማ ለማለት «ዲ-ˈቬ-ለፕት» ሦስት ክፍለ ቃል ነው፤ የመጨረሻው ድምፅ «ት» እንጂ «ድ» አይደለም፣ ከ«ፕ» በኋላ ጉሮሮ ስለማይነዝር። በየስብሰባው የሚሰማው «ዴቨሎፕድ» ግን አራት ሆኖ፣ «ሎ» ላይ ተረግጦ ነው።

አንድ ዓይነት ፊደል ሁለት ጊዜ ተደርቦ ሲያዩ ማጥበቅ ሌላው አመል ነው። ጥብቀት ለእኛ ትርጉም አለው፤ «ገና» ሲላላ ገና ነው፣ ሲጠብቅ በዓል ነው። እንግሊዝኛ በአንድ ቃል ውስጥ አያጠብቅም። ድርቡ ፊደል የሚናገረው ከፊቱ ስላለው አናባቢ ነው፤ ብዙውን ጊዜ አጭር መሆኑን ያሳያል። እራት በሁለት ኤን ተጽፎ «ˈዲ-ነር» ነው፤ አንዱ ኤን ሲነሳለት «ˈዳይ-ነር» ይሆናል፣ ተመጋቢ ማለት። ከባቲ ወደ አፋር ሲወረድ ያለው በረሃ በአንድ ኤስ ይጻፋል፣ «ˈዴ-ዘርት»። ከምግብ በኋላ የሚቀርበው ጣፋጭ በሁለት ኤስ ይጻፋል፣ «ዲ-ˈዘርት»። ድርብ ቢሆንም «ዝ» ነው። አንድ ኤስ ያለው ቃል ግስ ሆኖ ጥሎ ሄደ ሲል ግን እንደ ጣፋጩ ይነበባል።

አጻጻፉ ለምን እንዲህ እንደሚዋሽ ባጭሩ፦ ዊልያም ካክስተን የማተሚያ መኪናውን ዌስትሚንስተር ላይ የተከለው በ1476 ነው። ኅትመት አጻጻፉን ማርጋት ሲጀምር የእንግሊዝኛ ረጃጅም አናባቢዎች ገና ከቦታ ቦታ እየተንቀሳቀሱ ነበር። ፊደሉ ረጋ፣ ድምፁ ሄደ። በዚያ ላይ ላቲን የሚወዱ ሊቃውንት ዕዳ እና ጥርጣሬ የሚሉት ቃላት ውስጥ ማንም የማይላትን ቢ ከላቲኑ አምጥተው ጨመሩ፤ እስከ ዛሬ «ዴት» እና «ዳውት» ነው። ኮሎኔል ደግሞ ለእኛ ልዩ ወጥመድ ነው። ከጣሊያንኛው «ኮሎኔሎ» የወረደውን ቃል እኛ ከነኤሉ ስንጠራው፣ እንግሊዝኛ አጻጻፉን በኤል አስቀርቶ አነባበቡን በአር ከያዘው ከቆየው የፈረንሳይኛ ቅርጽ ወሰደ። «ˈከር-ነል» ይባላል። አማርኛው ላይ ኮሎኔል ማለት ትክክል ነው፤ እንግሊዝኛው ላይ ግን አይሠራም።

እንዲህ ያለ ዘመድ የሚመስል ቃል ትርጉም ላይም ያሳስታል። ኮምቦልቻ የጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ አለ። ፋብሪካ የሚለው ከጣሊያንኛ የገባ ነው። «ˈፋብ-ሪክ» የሚለው የእንግሊዝኛ ቃል ግን ጨርቅ ማለት ነው፤ ፋብሪካው «ˈፋክ-ተ-ሪ» ነው። የሥራ ማመልከቻ ላይ «በፋብሪክ ውስጥ 3 ዓመት ሠርቻለሁ» ብሎ የጻፈ ሰው ጨርቅ ውስጥ ሠርቷል ማለት ነው።

በግብርና ሪፖርት ላይ ከሁሉ የምፈራው አንድ ጥንድ አለ። ድርቅ ዲ-አር-ኦ-ዩ-ጂ-ኤች-ቲ ተብሎ ይጻፋል፣ «ድራውት» ይባላል። ኦዋ ወደ ኤ ከተለወጠች «ድራፍት» ይሆናል፤ የሚስብ፣ የሚጎትት ማለት ነው፣ የእርሻ በሬ የሚጠራበት። አሜሪካኖች ይህን በኤፍ ስለሚጽፉት ከግራ መጋባቱ ድነዋል። ወሎን በሚመለከት ወረቀት ላይ ሁለቱም በአንድ ገጽ ይገናኛሉ፤ በአንዲት ፊደል ስሕተት የበሬ እጥረት ድርቅ ይሆናል። ማሽላ «ˈሶር-ገም» ነው፣ ኤቹ ዝም። ቆቦ ቆላ ላይ ማሽላውን የሚያቀጭጨው አቀንጭራ «ˈስትራይ-ጋ» ነው፤ «ስትሪጋ» ያለውም ይገባዋል፣ ቃሉ የላቲን ስያሜ ስለሆነ ሰው በየቋንቋው ልማድ ያነበዋል። ማረሻና ማረስ «ፕላው» ነው፣ ሳል «ኮፍ»፣ ሊጥ «ዶው»፣ ጠንካራ «ተፍ»፤ አራቱም በአንድ ዓይነት ኦ-ዩ-ጂ-ኤች ያልቃሉ። እዚህ ላይ ደንብ ፈልጎ ጊዜ ማጥፋት አይገባም፤ ቃል በቃል መያዝ ነው።

ከእንግዶቹ መካከል መያዝ የሚገባቸውም አሉ፣ የማይገባቸውም። «ˈኢስ-መስ» ሁለት የብስ የምታገናኝ ቀጭን መሬት ናት፤ መሃል ላይ ቲ-ኤች ቢኖርም ብዙዎች አያነቡትም። ጥንት ደሴት የነበረውን፣ ዛሬ በየብስ የሚገባበትን ሐይቅ እስጢፋኖስን ለማስረዳት ከዚህ የሚሻል ቃል አይገኝም። «ˈፔት-ሪ-ኮር» ደረቅ መሬት ዝናብ ሲነካው የሚወጣው ሽታ ነው። በ1964 ሁለት የአውስትራሊያ ሳይንቲስቶች ድንጋይ ከሚለውና በአማልክት ደም ሥር ይፈሳል ከተባለው ፈሳሽ የግሪክ ስም አገጣጥመው የሠሩት ነው። ዝናብ በቆየበት መሬት ላይ ለሚነሳው ሽታ አይውልም፤ ከረጅም ደረቅ ጊዜ በኋላ፣ በልግ ሲጀምር ያለው ነው በትክክል። በሌላ በኩል በየቴሌግራሙ የሚዞረው ባለ 29 ፊደሉ «ፍሎክ-ሲ-ኖ-ሲ-ናይ-ሂ-ሊ-ፒ-ሊ-ፊ-ˈኬይ-ሸን» ነገርን ከቁም ነገር አለመቁጠር ማለት ነው፤ ኢምንት የሚሉ አራት የላቲን ቃላት ተደርድረው የተሠራ ነው። ከሳቅ ውጭ ሥራ የለውም፤ ለአገጩ ፈተና ግን ይሆናል፣ 12 ጊዜ ካወረደ ደህና ነው።

መዝገበ ቃላት ሲከፈት የመጀመሪያውን ትርጉም ይዞ መሮጥ ብዙ ሰው ያሳስታል። ለተማሪ የተዘጋጀው መዝገበ ቃላት በብዛት የሚሠራበትን ትርጉም ያስቀድማል። ሜሪያም ዌብስተር ግን በዕድሜ ነው የሚደረድረው፤ ቁጥር 1 ሆኖ የተቀመጠው ትርጉም ከሁሉ የቆየው ነው፣ ዛሬ ማንም የማይጠቀምበት ሊሆን ይችላል። ከትርጉሙ በፊት በሰያፍ የሚጻፉት አጫጭር ምልክቶች፣ ጊዜ ያለፈበት፣ የብሪታንያ፣ የመደበኛ ንግግር የሚሉት፣ ከትርጉሙ እኩል ናቸው። ደብተር ላይ ከቃሉ ጎን ፍቺውን ብቻ ከመጻፍ አብሮት የሚሄደውን ቃል መጻፍ ይበልጣል፦ «ረጊድ»ን ከተራራ ጋር፣ «ህዩን»ን ከአለት ጋር። ስልክ ላይ ያለውን የድምፅ ማጉያ ሲነኩ ደግሞ የማን አነባበብ እንደሆነ ይታይ። የመቶ አለቃ ማዕረግ ብሪታንያ ላይ «ሌፍ-ˈቴ-ነንት»፣ አሜሪካ ላይ «ሉ-ˈቴ-ነንት» ነው። ሁለቱንም መስማት ደግ ነው፤ ለመናገር ግን አንዱን መርጦ እሱኑ መያዝ ነው።